ሁለት ስም የነበረው ፈንገስና የጠፉት ኦኮች

የዛፍ ሽበት የምንለውን ሁሉም ሰው ያውቀዋል፣ ከቅርንጫፍ ተንጠልጥሎ ነፋስ ሲነካው የሚወዛወዘውን። እሱ ላይከን ነው፣ ፈንገስና አልጌ ተጣምረው የሚኖሩበት ነገር። ከላይከኖች ሁሉ መልከ መልካሙም እሱ ነው፣ ፎቶ የሚነሳው እሱ፣ ፖስት የሚደረገው እሱ። እኔ ዛሬ የማወራው ግን የዚሁ ወገን ሆኖ ማንም ዞር ብሎ ስለማያየው፣ ቢያየውም "ግንዱ ላይ ኖራ ተፈናጥቋል" ብሎ ስለሚያልፈው አንድ ዝርያ ነው። ነጣ ያለ፣ አንዳንዴ ወደ ክሬም የሚሄድ፣ ወፈር ያለ ነገር ነው፣ እዚህም እዚያም አመድማ ነጠብጣቦች ይታዩበታል። ሳይንሳዊ ስሙ ሌካኖግራፋ አሚላሴያ ነው። የምኖረው ስዊድን ነው፣ እዚህ ጋመልኤክስላቭ ይሉታል፣ የላቲኑ ምላስ ስለሚያስር እኔም በዚሁ ልቀጥል። የሚኖረው ያረጁ የኦክ ዛፎች ቅርፊት ላይ ነው፤ ያረጁ ስል ሃምሳ ስልሳ ዓመት ማለቴ አይደለም፣ መቶዎችን የቆጠሩ ማለቴ ነው።

ላይከኖችን በቅርጻቸው በሦስት መክፈል የተለመደ ነው። እንደ ቁጥቋጦ የቆሙ ወይም የተንጠለጠሉ፣ እንደ ቅጠል የተዘረጉ፣ እና ልጥፍ ያሉት። ልጥፎቹ ከስር በኩል ቆዳ የላቸውም፣ የፈንገሱ ክሮች በቀጥታ ቅርፊቱ ውስጥ ነው የሚገቡት፣ ስለዚህ ነቅዬ ልውሰድህ ብትለው ቅርፊቱን ይዞ ነው የሚመጣው። ይሄ ቀላል ነገር ይመስላል ግን አይደለም፣ ምክንያቱም አንድ ዛፍ ሊቆረጥ ነው ሲባል "ላይከኑን ወደ ሌላ ዛፍ እናዛውረው" የሚል ሐሳብ ሁሌ ይነሳል፣ ለቅጠልማዎቹ ቢያንስ ይሞከራል፣ ለልጥፎቹ ግን የቅርፊት ቁራጭ ቆርጦ ሌላ ግንድ ላይ ማጣበቅ ነው፣ ያ ቁራጭ ደግሞ ከአዲሱ ዛፍ ጋር አብሮ አያድግም፣ አንድ ቀን ወድቆ ያርፋል። እድገታቸውም ዝግ ያለ ነው፣ ብዙዎቹ ልጥፎች በዓመት አንድ ሚሊሜትር ቢሰፉ ነው፣ ከዛ በታች የሆኑም ሞልተዋል። መዳፍ የምታህል ነጭ ክብ ግንድ ላይ ስታይ ካንተ በዕድሜ ልትበልጥ እንደምትችል ማሰብ ነው።

ጋመልኤክስላቭን መጀመሪያ ያሳዩኝ ጡረታ የወጡ ሰውዬ ናቸው፣ ከሊንሾፒንግ ከተማ በስተደቡብ ባለው የኦክ አገር። ኤስተርዬትላንድ ይባላል አውራጃው፣ በሰሜን አውሮፓ ያረጁ ኦኮች በብዛት ቆመው ከቀሩባቸው ቦታዎች ዋናው ነው። ዛፉ ጋ ስንደርስ እኔ ፊት ለፊት ያገኘሁትን ቅርፊት በሌንስ መመርመር ጀመርኩ፣ እሳቸው ግን ምንም ሳይሉ ዞረው ግንዱ ወደ መሬት ዘንበል ወዳለበት ጎን ሄዱና "ዝናብ ነክቶት የማያውቀውን ጎን ፈልግ" አሉኝ። ለካ ነገሩ ሁሉ እሱ ነው። ይሄ ላይከን የሚፈልገው ደረቁን ጎን ነው፣ ውሃ ተንጠባጥቦም ወርዶም የማይደርስበትን፣ ቅርፊቱ ጥልቅ ጥልቅ ስንጥቅ ያለውን። ታድያ ውሃ ከየት ያመጣል? ከአየሩ። ከአረንጓዴ አልጌ ጋር የሚኖሩ ላይከኖች ፈሳሽ ውሃ ሳያገኙ ከእርጥብ አየር ብቻ ነቅተው ፎቶሲንተሲስ መጀመር ይችላሉ፤ ከሳይኖባክቴሪያ (እንደ አልጌ ከፀሐይ ስኳር የሚሠሩ ባክቴሪያዎች) ጋር የሚኖሩት ግን ፈሳሽ ውሃ የግድ ይፈልጋሉ። እንግዲህ ንጋት ላይ አየሩ ሲረጥብ ይነቃል፣ ፀሐይ ስትበረታ ይደርቅና ሥራ ያቆማል፣ ሲደርቅ አይሞትም፣ ዝም ብሎ ይቆያል። ሌላ ፍጡር የማይመኘውን ቦታ ነው የያዘው፣ ዝናብ ያገኙ ቅጠልማ ላይከኖችና ሞሶች (ግንድና ድንጋይ ላይ የሚበቅሉ ትንንሽ አረንጓዴ ተክሎች) እዛ መጥተው አይጋፉትም።

ወጣት ኦክ ይሄን ጎን የለውም፣ ቀጥ ብሎ ነው የሚቆመው፣ ቅርፊቱም ገና ለስላሳ ነው። ዘንበል ማለትም፣ መጎበጥም፣ ስንጥቁ መጥለቅም፣ ቅርፊቱ በየዓመቱ መወጠሩን ቀነስ ማድረጉም ሁሉም ከዕድሜ ጋር ነው የሚመጣው። የስዊድን ተመራማሪዎች በዚሁ አካባቢ ኦኮች ላይ የዛፍ ዕድሜና የልጥፍ ላይከኖችን መገኘት አነጻጽረው ዛፉ ባረጀ ቁጥር፣ ስንጥቁም በጠለቀ ቁጥር የነዚህ ዝርያዎች ዕድል እንደሚጨምር አሳይተዋል። አይገርምም ትሉ ይሆናል። እኔን የገረመኝ ሌላ ነው፣ ወደሱ ልምጣ።

ለዛ ግን ላይከን ምን እንደሆነ ትንሽ ልበል። ላይከን አንድ ፍጡር አይደለም፣ ፈንገስ ነው ከአልጌ ወይ ከሳይኖባክቴሪያ ጋር አብሮ የሚኖር፤ አልጌው በፀሐይ ስኳር ይሠራል፣ ፈንገሱ ቤቱን ይሠራል፣ ስኳሩንም ይበላል። ይሄን ዛሬ ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል ግን ሲሞን ሽቬንዴነር የሚባለው ስዊዘርላንዳዊ በ1867 (በፈረንጆቹ፣ ከዚህ በኋላም ሁሉም ዓመት በፈረንጆቹ ነው) ሲናገረው የዘመኑ የላይከን ሊቃውንት ሊበሉት ነበር የደረሱት። ፊንላንዳዊው ቪልያም ኒላንደር እስከ መጨረሻው አልተቀበለውም፣ ይሄ ሰውዬ እኮ ላይከኖችን በኬሚካል ጠብታ መለየት ያስጀመረና በ1866 የፓሪስ ሉክሰምበርግ መናፈሻ ላይከኖች ከሌላው የከተማው ክፍል የተሻሉ መሆናቸውን አይቶ ከአየሩ ንጽህና ጋር ያያያዘ ትልቅ ሰው ነው። ጄምስ ክሮምቢ የተባለ ስኮትላንዳዊ ቄስ ደግሞ የሽቬንዴነርን ሐሳብ በፌዝ አጣጣለው፣ የተማረከች የአልጌ ልጃገረድና የአምባገነን ፈንገስ ጌታ ጋብቻ ነው አለ፣ ይሄ ምን ዓይነት ተረት ነው ለማለት። ተረቱ እውነት ሆኖ ተገኘ። እንደውም ክሮምቢ ቢሰማ ይባስ የሚናደድበት ነገር አለ፣ ጌታው ልጃገረዷን መቀየርም ይችላል።

አሁን ወደ ገረመኝ ነገር መጣሁ። የላይከን ስም በሕጉ የፈንገሱ ስም ነው። አልጌዎቹ የራሳቸው ስም አላቸው፣ ከሁሉም የተለመደው ትሬቡክሲያ የሚባለው ክብ ክብ አረንጓዴ አልጌ ነው፤ ሌላው ትሬንቴፖልያ ነው፣ እሱ አረንጓዴ አልጌ ተብሎ ይመደብ እንጂ በካሮቲን ዓይነት ቀለም የተሞላ ስለሆነ ብርቱካናማ ነው የሚመስለው፣ ትሬንቴፖልያ ያለበትን ላይከን ላዩን በጥፍር ቧጨር ካደረጉት ብርቱካናማው ብቅ ይላል (ብርቅዬ ዝርያ ላይ እንዳታደርጉት ብቻ)። ጋመልኤክስላቭ የትሬንቴፖልያ ሰው ነው። ይሄ ለብዙ ጊዜ ይታወቃል።

በ1991 ደግሞ ጌራን ቶርና ላሽ-ኤሪክ ሙር የተባሉ ስዊድናውያን አንድ አዲስ ልጥፍ ላይከን ገልጸው ስም ሰጡት፣ ቡዌሊያ ቪዮላሴኦፉስካ። እሱም ያረጀ ኦክ ላይ ነው፣ ግን መልኩ ሌላ ነው፤ ጠቆር ያለ፣ ወደ ሐምራዊና ቡና የሚያደላ፣ ላዩ በደቃቅ ብናኝ የተሸፈነ፣ ውስጡ ያለው አልጌም የትሬቡክሲያ ወገን። ስዊድኖቹ ብሊየርትስላቭ አሉት። በቀይ መዝገብም፣ ሊጠፉ የተቃረቡ ዝርያዎች በሚመዘገቡበት፣ ለብቻው ገባ፣ ጋመልኤክስላቭም ለብቻው። ቡዌሊያ የሚባለው ወገንና ሌካኖግራፋ የሚባለው ወገን ደግሞ ዘመዳሞች ናቸው እንዳትሉ፣ በምደባው በሁለት የተለያዩ መደቦች ውስጥ ናቸው፣ ማለትም በእንስሳ ብናስበው አጥቢና አእዋፍ የሚለያዩበት ደረጃ ላይ ማለት ነው።

በ2018 ዳሚየን ኤርትዝ የሚባል በቤልጂየም የሚሠራ ተመራማሪ ከስዊድንና ከፖላንድ ባልደረቦቹ ጋር የሁለቱንም ዲኤንኤ አይቶ ውጤቱን አወጣ። ፈንገሱ አንድ ነው። ያው ራሱ ነው። ከትሬንቴፖልያ ጋር ሲኖር ነጣ ያለው፣ አመድማ ነጠብጣብ ያለው ጋመልኤክስላቭ ይሆናል፣ ከትሬቡክሲያ ወገን ጋር ሲኖር ጠቆር ያለው ብናኛሙ ብሊየርትስላቭ ይሆናል። ከአንዱ አልጌ ወደ ሌላው ሲሄድ መልኩን ብቻ ሳይሆን የአራባቡን መንገድም ይቀይራል። ከባልደረቦቹ አንዱ ደግሞ ያው ቶር ነው፣ በ1991 ብሊየርትስላቭን አዲስ ዝርያ ነው ብሎ ስም ከሰጡት አንዱ። የራሱን ስም ራሱ ሲያፈርስ ማለት ነው፣ ይሄን ነገር ሳይንስ ውስጥ ሳየው ደስ ይለኛል፣ ብዙ ቦታ ሰው ያወጣውን ስም እስከ መቃብር ነው የሚሟገትለት።

የአራባቡ ነገር ላይ ልቆይ። ነጩ ቅርጽ ያሉት አመድማ ነጠብጣቦች የፍሬ አካላት ናቸው፣ ከነሱ ስፖር፣ እንደ ዘር ያለ ደቃቅ ቅንጣት፣ ይወጣል፣ ስፖሩ ፈንገስ ብቻ ነው፣ አልጌ አይዝም። ባዶ እጁን ነው የሚሄደው። የሆነ ቅርፊት ላይ ያርፋል፣ እዛ የሚሆን አልጌ ካላገኘ አለቀለት። ጠቆር ያለው ቅርጽ ደግሞ ብናኙ ሶሬዲያ ይባላል፣ እያንዳንዱ ደቃቅ ቅንጣት ውስጥ የፈንገስ ክርም የአልጌ ሕዋስም ተጠቅልለው አብረው ነው የሚሄዱት፣ ሲያርፉ ጓደኛ መፈለግ የለባቸውም፣ ቤተሰቡ ተሟልቶ ነው የደረሰው። አንዱ መንገድ አዲስ የዘር ድብልቅ ያመጣል ግን ቁማር ነው፣ ሌላው አስተማማኝ ነው ግን ያንኑ ራሱን ነው የሚደግመው። አብዛኛው ላይከን ከሁለቱ ወደ አንዱ ያደላል፣ ይሄኛው ግን የትኛውን እንደሚከተል ከማን ጋር መኖሩ ይወስንለታል።

እና ስፖሩ ያረፈበት ዛፍ ላይ ትሬንቴፖልያ ባይኖርስ? አጥኚዎቹ እንደሚሉት ፈንገሱ ትሬቡክሲያውን ከሌሎች ላይከኖች ሊወስድ ይችላል፣ ለምሳሌ ከክሪሶትሪክስ ካንዴላሪስ፣ ያ ያረጀ ኦክ ስንጥቅ ውስጥ ደማቅ ቢጫ ሆኖ የሚታየው ብናኛም ላይከን። ኧረ ከጎረቤት ቤት አልጌ ይወስዳል! በዚህም ምክንያት ትሬንቴፖልያን ብቻ ቢጠብቅ ኖሮ ሊኖርበት የማይችለው ዛፍ ላይ መኖር ይችላል፣ ሁኔታው ትንሽ ለየት ያለ፣ ብርሃኑ ወይ እርጥበቱ ሌላ የሆነ ዛፍ ላይ። ማለት ብሊየርትስላቭ የምንለው ነገር ሌላ ዝርያ ሳይሆን የጋመልኤክስላቭ መውጫ ቀዳዳ ነው።

ይሄን ካነበብኩ በኋላ የመጣብኝ ጥያቄ ቀላል ነው ግን አለቀቀኝም። ለዓመታት ሁለቱን ለየብቻ ስንቆጥር ምንድን ነበር የምንጠብቀው? አንዱ ዛፍ ላይ ጠቆር ያለውን አይተን "ይሄ ብሊየርትስላቭ ነው፣ ጋመልኤክስላቭ ግን የለም" ብለን መዝግበናል፣ ፈንገሱ ግን እዛው ፊታችን ነበር፣ ሌላ ልብስ ለብሶ። በአንድ በኩል ይሄ መልካም ዜና ነው፣ ከምናስበው በላይ ብዙ ዛፍ ላይ አለ ማለት ነው። በሌላ በኩል ሁለት ብርቅዬ ዝርያ ነበሩን፣ አሁን አንድ ነው ያለን። እኔ በግሌ መልካም ዜናውን ነው የማስቀድመው፣ ግን በጣም አልደሰትም፣ ምክንያቱም ሁለቱም ቅርጾች የሚፈልጉት ያንኑ ነገር ነው፣ ያረጀ ኦክ። አልጌ መቀየር ይችላል፣ ዛፉን ግን ወጣት ላድርገው ቢል አይሆንለትም።

የላይከን ሰዎች ደግሞ ይሄን ነገር ገልብጠው ተጠቅመውበታል፣ ላይከኑ ያረጀ ጫካ የሚፈልግ ከሆነ ላይከኑን አይተን ጫካው ምን ያህል ሳይቋረጥ እንደቆየ እንወቅ ብለው። ፍራንሲስ ሮዝ የሚባለው እንግሊዛዊ (ከ1921 እስከ 2006 የኖረ) በ1976 የ30 ዝርያዎች ዝርዝር አወጣ፣ አንድ ጫካ ውስጥ ከነሱ 20ው ከተገኙ ነጥቡ 100 ይሆናል፣ ቁጥሩ ባነሰ ቁጥር ጫካው በመሀል ተጨፍጭፎ ያውቃል የሚለው ግምት ይጠነክራል። የአደን ጫካ ሆኖ በ1079 የተከለለው የእንግሊዙ ኒው ፎረስት በዚህ መለኪያ ዋናው ነው፣ ከ300 በላይ የላይከን ዝርያ አለበት። ሐሳቡን እወደዋለሁ ግን ክርክርም አለበት፣ ላይከኖቹ የሚነግሩን ጫካው ሳይቋረጥ መቆየቱን ነው ወይስ ዛሬ ላይ ያረጁ ዛፎች መኖራቸውን ብቻ? ሁለቱ አንድ አይደሉም። መሀል ላይ ተመናምኖ፣ ጥቂት ሽማግሌ ዛፎች ብቻ ቀርተውበት፣ ከዛ እንደገና የሞላ ቦታ ጥሩ ነጥብ ሊያመጣ ይችላል። እንደሚመስለኝ ቢያንስ ለጋመልኤክስላቭ ዋናው ዛፉ ነው። ድቅድቅ ያለ ጫካ ሳይሆን ከብት የሚግጥበት ክፍት ሜዳ ላይ ለብቻው የቆመ ጎባጣ ኦክ ይበቃዋል፣ እንደውም ስዊድን ውስጥ በብዛት የሚገኘው እንደዛ ባለ ቦታ ነው።

እና ዛፎቹ የት ሄዱ? ይሄ ታሪክ ለኔ ከላይከኑም ይበልጣል።

ንጉሥ ጉስታቭ ቫሳ በ1558 ኦክ የዘውዱ ንብረት ነው ብሎ አወጀ፣ ለጦር መርከብ ማለት ነው። ግብር ከፋዩ ገበሬ በራሱ እርሻ ላይ የቆመውን ኦክ መቁረጥ ክልክል ሆነበት፣ ዛፉ ደግሞ ጥላ ይጥላል፣ መሬት ይይዛል፣ ሣሩን ያበላሻል፣ ገበሬው ምንም አያገኝበትም። ምን ያድርግ? ችግኙን ገና ሳያድግ ይነቅለው ነበር። ሰዎች "ወጣት ኦክንና ወጣት መኳንንትን ገና በልጅነታቸው መጥላት ነው" ዓይነት ነገር ይሉ እንደነበር ይነገራል፣ ሁለቱም ካደጉ በኋላ ማንም አይችላቸውምና። መኳንንቱ ግን በራሳቸው መሬት ላይ በዛፋቸው ያዙበት ነበር፣ ለዚህ ነው ዛሬም ትላልቆቹ ኦኮች በብዛት በድሮ የመኳንንት ርስቶች ዙሪያ የሚገኙት። ሕጉ ዛፉን ሊያስጠብቅ ወጥቶ ዛፉን ጠላት አደረገው፣ እሺ ይሁን፣ ግን ቢያንስ ትልልቆቹ ቆመው ነበር። በ1830 ለገበሬዎቹ ዛፉን ከዘውዱ ገዝተው የራሳቸው የማድረግ መብት ተፈቀደ። የሆነውን መገመት አያስቸግርም። ለመቶዎች ዓመታት የተጠራቀመ ጥላቻ በጥቂት አሥርት ዓመታት ውስጥ በመጥረቢያ ወጣ፣ የስዊድን ኦክ በጅምላ ወደቀ።

እንግዲህ አስቡት፣ በ1830ዎቹ የወደቀው ዛፍ ብቻ አይደለም። ያን ጊዜ ችግኝ የነበሩና ቢተርፉ ዛሬ ወደ 200 ዓመት የሚጠጉት፣ ያን ጊዜ 100 ዓመት የነበሩና ዛሬ 300 የሚሆኑት፣ እነሱ ናቸው የሌሉት። በዛፎቹ ዕድሜ መሀል ክፍተት አለ። በጣም ሽማግሌዎቹ አሉ፣ አንድ በአንድ እየወደቁ ናቸው፤ ወጣቶቹም አሉ፣ ገና ናቸው። መሀል ላይ ሊተኩ የሚገባቸው ጥቂት ናቸው። ጋመልኤክስላቭ ብርቅ የሆነው ደካማ ስለሆነ አይመስለኝም፣ ከአያቶቹ ዛፍ ወደ ልጆቹ ዛፍ መዝለል አለበት፣ በመሀል ያለው ትውልድ ግን ከ200 ዓመት ገደማ በፊት ተቆርጧል። ላይከኖች እኮ ደካሞች አይደሉም፣ በ2005 የአውሮፓ የጠፈር ድርጅት ሁለት የዓለት ላይከኖችን በፎቶን መንኮራኩር ወደ ጠፈር ልኮ ለሁለት ሳምንት ያህል ባዶው ጠፈር ውስጥ አጋልጧቸው በሕይወት ተመልሰዋል። የኛው የዛፍ እንጂ የዓለት አይደለም፣ እንደዛ ይችላል እያልኩ አይደለም። ብቻ ጠንካራ ፍጡሮች ናቸው።

ቪሲንግሶ የምትባል ደሴት አለች፣ ቬተርን ሐይቅ መሀል። የዛኑ ዘመን መንግሥት የመርከብ እንጨት ሊያልቅብን ነው ብሎ ደነገጠና ከ1831 ጀምሮ ደሴቷ ላይ ኦክ አስተከለ፣ በመቶ ሺዎች የሚቆጠር። ዛፎቹ ለመርከብ እስኪደርሱ መርከቡ ብረት ሆነ። በ1975 የደን መሥሪያ ቤቱ ለባሕር ኃይሉ "ያዘዛችሁት እንጨት ደርሷል" ብሎ አሳወቀ የሚል ወሬ ስዊድኖች ሁሉ ያወሩታል፣ ይስቁበታልም። እኔም ስቄያለሁ፣ ግን ጫካውን ሳየው ሳቁ ቀርቶብኝ ሌላ ነገር ነው ያሰብኩት። ዛፎቹ ተጠጋግተው ስለተተከሉ ቀጥ ብለው ረዝመዋል፣ ለመርከብ እንዲሆኑ ነዋ፣ ጎባጣ የለም፣ ዘንበል ያለ ብዙም የለም። ዕድሜ ብቻውን አይበቃም ማለት ነው። ከ190 ዓመት በላይ ሆኗቸው እንኳ ዝናብ የማይነካው ጎን ያለው ግንድ ለማግኘት ዓይኔ ተንከራተተ።

ስለ አየሩ በአጭሩ። በሃያኛው ክፍለ ዘመን ከድንጋይ ከሰል የሚወጣው ሰልፈር ዳይኦክሳይድ ለብዙ ላይከኖች መርዝ ነበር፣ ዴቪድ ሆክስወርዝና ያው ፍራንሲስ ሮዝ በ1970 የእንግሊዝና የዌልስን አየር በዛፍ ላይከኖች ብቻ ደረጃ የሚያወጣ መለኪያ ሠርተዋል። አስቂኙ ነገር ሌካኖራ ኮኒዛኦይዴስ የምትባል ልጥፍ ላይከን ናት፣ ያንን መርዝ ወዳዋለች፣ ሌላው ሁሉ ሲሞት እሷ ከተማውን ሁሉ ሞላችው፣ አየሩ ሲጸዳ ደግሞ ጠፋች፣ ዛሬ በአንዳንድ አገር ፈልገህ ነው የምታገኛት። አሁን ደግሞ ችግሩ ናይትሮጅን ነው፣ ከማዳበሪያና ከከብት እበት የሚወጣው አሞኒያ ቅርፊቱን ያዳብረዋል፣ ዛንቶሪያ የምትባለው ቢጫ ላይከን ደስ ይላታል፣ ድሃ ቅርፊት የለመዱት ይሸሻሉ። ሙቀቱም አለ፣ ኔዘርላንድስ ውስጥ አየሩ እየሞቀ ሲሄድ ትሬንቴፖልያ የያዙ ላይከኖች እየበዙ መምጣታቸው ተመዝግቧል። ለኛው ዝርያ ይሄ መልካም ይመስላል፣ ግን የመጣው ሙቀት ያረጀ ኦክ ይዞ አልመጣም።

በጣም የሚያበሳጨኝ ግን ቆመው ያሉት ዛፎች ላይ የሚሆነው ነው። ከብቱ ግጦሹን ሲለቅ ሜዳው ዝም አይልም፣ ስፕሩስ የሚባለው ጥድ መሰል ዛፍና ቁጥቋጦ ይወርረዋል፣ ሃያ ሠላሳ ዓመት ውስጥ ኦኩ ዙሪያውን ተከቦ ብርሃን ያጣል፣ የታች ቅርንጫፎቹ ይሞታሉ፣ ቅርፊቱ ላይ የነበረው ሁሉ ጨለማ ውስጥ ይቀራል። ዛፉ አልተቆረጠም፣ በካርታ ላይ የተጠበቀ ተብሎ አረንጓዴ ተቀብቷል፣ ላይከኑ ግን ሄዷል። "ተፈጥሮን ዝም ብለን እንተዋት" የሚለው ነገር ለሰው ጆሮ ደስ ይላል፣ እዚህ ጋ ግን ይገድላል። እንደ ቢያዎቪዬዛ ያለ፣ በፖላንድና በቤላሩስ ድንበር ላይ ያለ ሰፊ ጥንታዊ ጫካ ሲሆን ነገሩ ይለያል፣ እዛ ዛፎቹ በራሳቸው እየወደቁ ብርሃን ይከፍታሉ፣ ሽማግሌውም ወጣቱም አንድ ላይ አለ፣ እዛ እጃችንን ብንሰበስብ ይሻላል፤ በ2018 የአውሮፓ ፍርድ ቤት የፖላንድ መንግሥት እዛ ያስፋፋው የዛፍ ቆረጣ ሕግ የጣሰ ነው ብሎ ሲፈርድ ደስ ካላቸው ሰዎች አንዱ ነበርኩ። አንዱ ቦታ መጥረቢያው ይቁም፣ ሌላው ቦታ መጥረቢያ አምጡ። ይሄን ለሰው ማስረዳት ከባድ ነው፣ ሁለት ምላስ ነህ ትባላለህ።

ሌላ ዛፍ ላይ ቢሄድስ የሚል ይኖራል። አሽና ኤልም የሚባሉት ዛፎች ለብዙ ልጥፍ ላይከኖች ጥሩ መጠጊያ ነበሩ፣ ኤልሙን የደች ኤልም በሽታ የሚባል የፈንገስ በሽታ ጨረሰው፣ አሹን ደግሞ ከ1990ዎቹ መጀመሪያ ፖላንድ ላይ ከታየ ጀምሮ ሌላ ፈንገስ እየጨረሰው ነው። ፈንገስ ፈንገስን ቤት ሲያሳጣው።

ስለዚህ "አንድ ሚሊዮን ዛፍ ተከልን" የሚል ዜና ሳይ ፊቴ አይፈታም፣ ጓደኞቼ ጨለምተኛ ይሉኛል። መትከሉ ክፉ ነው አላልኩም። ግን አንድ የ400 ዓመት ኦክ ለመንገድ ተቆርጦ በምትኩ አርባ ችግኝ ተተከለ ሲባል ሒሳቡ ለካርቦን ምናልባት ይሆን ይሆናል፣ ለጋመልኤክስላቭ ግን ከአርባዎቹ አንዱም ለመቶ ምናምን ዓመታት ምንም አይደለም። ስዊድን ውስጥ ወጣት ኦኮችን ሆን ብሎ እያቆሰሉ ቶሎ ለማስረጀት የሚሞክሩ ባለሙያዎችም አሉ፣ ግንዱን ይበሳሉ፣ ቅርፊት ይልጣሉ፣ ቅርንጫፍ ይሰብራሉ፣ እንጨት ውስጥ ለሚኖሩ ጥንዚዛዎችና ጉድጓድ ለሚፈልጉ ወፎች ቀዳዳ ቶሎ እንዲፈጠር። ብልህ ሐሳብ ነው፣ ለጥንዚዛው። ቀዳዳ በመጋዝ ይሠራል፣ የጠለቀ ስንጥቅና የጎበጠ ግንድ ግን አይሠራም።

እኔ ገንዘቡና ሥልጣኑ ቢኖረኝ የማደርገውን ልንገራችሁ። የሺህ ዓመቶቹ ኦኮች ቀድሞም ታዋቂ ናቸው፣ አጥር አላቸው፣ ሰሌዳ አላቸው፣ ቱሪስት አላቸው። እኔ መጀመሪያ የምፈልገው ዛሬ 120 ወይ 150 ዓመት የሆናቸውን ነው፣ ማንም የማይቆጥራቸውን፣ ለወፍራም ጣውላ ደረሱ ተብለው ዋጋ የሚወጣላቸውን። ከነሱ ውስጥ ዘንበል ያሉትን፣ ጠማማዎቹን፣ እንጨት ነጋዴ የማይወዳቸውን እመርጥና፣ ከሽማግሌዎቹ አጠገብ የቆሙት ላይ ምልክት አድርጌ፣ ዙሪያቸውን የከበባቸውን ስፕሩስ በአንድ ጊዜ ሳይሆን ቀስ በቀስ አስነሳለሁ፣ በድንገት ፀሐይ ከበዛበትም ቅርፊቱ ይጎዳልና። ክሪሶትሪክስ ቢጫው የታየባቸውን ደግሞ አስቀድማቸዋለሁ፣ ባዶ እጁን የሚመጣው ስፖር እዛ የሚወስደው ነገር አለ።